ባለ ካሜራው መሐመድ አሚን

በኅዳርና በታኅሣሥ ወራት ከሮቤ ተነሥቶ ወደ አጋርፋ የሚጓዝ ሰው ግራና ቀኙን ሲመለከት የሚያየው የበሰለ ስንዴና ገብስ ነው። ኮምባይነሩ ከማሳ ወደ ማሳ ሲዞር ይውላል፤ የጭነት መኪናው በመንገዱ ዳር ቆሞ ተራውን ይጠብቃል፤ ሕፃናቱም ቃርሚያውን ለመልቀም ከኋላ ከኋላ ይከተላሉ። እንዲህ ባለው አገር ተቀምጦ ስለ ረኀብ መከራከር እንግዳ ነገር ነው። ሆኖም ባለፈው የአጨዳ ወራት አንድ እሑድ ከሰዓት በኋላ፣ አጋርፋ ውስጥ በአንዲት ቡና ቤት ተሰብስበን የነበርነው ጥቂት ወጣቶች የተከራከርነው ስለዚሁ ነበር።

ነገሩን ያነሣው በውጭ አገር ተምሮ የተመለሰ ጓደኛችን ነው። በተማረበት አገር ኢትዮጵያዊ መሆኑን በተናገረ ቁጥር ሰዎቹ አስቀድመው የሚጠይቁት ስለ ረኀብ እንደ ነበረ፣ እርሱም የባሌን ስንዴ ቢያወራላቸው እንደ ቀልድ ይቆጥሩበት እንደ ነበረ እያዘነ አጫወተን። ይህ ስም የወጣልን በ1977 ዓ.ም. ኮረም ላይ በተነሣ አንድ የቴሌቪዥን ፊልም ምክንያት መሆኑንም ጨምሮ ነገረን። ከዚያ ወዲያ ክርክሩ ጋለ። አንዱ ያን ፊልም ያነሣው ሰው አገራችንን በዓለም ፊት አዋርዶ የሄደ ነው አለ። ሌላው ደግሞ ያ ሰው ባይኖር ስንት ነፍስ ይጠፋ ነበር ብሎ ተቆጣ። በመጨረሻ በወረዳው ጽሕፈት ቤት የምትሠራ አንዲት ወጣት የሰውየውን ስም ጠየቀችን። የሚያውቅ ጠፋ። ዩኒቨርሲቲ ጨርሼ በጋዜጣ እየጻፍሁ እንጀራዬን የምበላው እኔም ዝም አልሁ። ይህን ጽሑፍ ያዘጋጀሁት በዚያን ዕለት ስላፈርሁ ነው።

ሰውየው መሐመድ አሚን ይባላል። የተወለደው ነሐሴ 23 ቀን 1935 ዓ.ም. በናይሮቢ ከተማ ኢስትሊ በተባለው ሰፈር ነው። ይህ ሰፈር ለባሌ ሰው ባዕድ አይደለም፤ ከአገራችን ወጥተው የሄዱ ብዙ ሰዎች ይኖሩበታልና። በዚያን ጊዜ ግን ከሕንድ የመጡ ቤተሰቦች በብዛት የሚገኙበት ሰፈር ነበር። አባቱ ከፑንጃብ የመጡ የምድር ባቡር ሠራተኛ ነበሩ። እንግሊዞች ምሥራቅ አፍሪካን በያዙ ጊዜ ሐዲዱን የዘረጉት ከሕንድ ባመጧቸው ሠራተኞች ጉልበት ስለ ሆነ፣ በባቡሩ ሥራ ላይ የሕንድ ተወላጅ መብዛቱ አያስደንቅም። መሐመድ ገና ልጅ ሳለ አባቱ ወደ ታንጋኒካ ስለ ተዛወሩ ዳሬ ሰላም ከተማ ውስጥ አደገ።

ገና በልጅነቱ ቦክስ ብራውኒ የምትባል አንዲት ተራ ካሜራ እጁ ገባች። ይህች ካሜራ እንደ ሳጥን የተሠራች፣ ዋጋዋም ርካሽ የሆነች፣ ብዙ ብልኀት የማትጠይቅ ነበረች። በትምህርት ቤቱ የፎቶግራፍ ክበብ ውስጥ ፊልም ማጠብንና ማተምን ተማረ። የምሥራቅ አፍሪካ የመኪና እሽቅድምድም በየዓመቱ ሲደረግ እርሱም መንገድ ዳር እየቆመ ያነሣቸውን ሥዕሎች ይሸጥ ነበር። ሃያ ዓመት ሲሆነው፣ ማለት በፈረንጆች አቆጣጠር በ1963 ዓ.ም.፣ ካሜራፒክስ የተባለውን የራሱን ድርጅት ዳሬ ሰላም ላይ አቋቋመ። እኛ በሃያ ዓመታችን የፈተና ውጤት ከሰሌዳ ላይ ስንፈልግ እንደ ነበረ አስታውሼ ጥቂት ቀናሁበት።

በዚያን ዘመን የዜና ፊልም ማንሣት ምን ዓይነት ሥራ እንደ ነበረ ዛሬ በስልካችን ፊልም ለምናነሣው ሁሉ በቶሎ አይገባንም። ፊልሙ ስፋቱ 16 ሚሊ ሜትር የሆነ ጥቅል ነበር። አንዱ ጥቅል በጥቂት ደቂቃዎች ውስጥ ያልቃል። ስለዚህ ባለ ካሜራው ጣቱን ከመጫኑ በፊት የሚያነሣውን ነገር በልቡ መምረጥ ነበረበት። የተነሣው ፊልም በቆርቆሮ ዕቃ ታሽጎ፣ በአውሮፕላን ወደ ለንደን ተልኮ፣ እዚያ ታጥቦ እስኪወጣ ድረስ የተበላሸ ይሁን ያልተበላሸ አንሺው ራሱ አያውቅም። ከዚህም በላይ ፊልሙን የሚያሳልፍ ወይም የሚወርስ ባለሥልጣን በየአውሮፕላን ማረፊያው ነበር። መሐመድ አሚን በዚህ ሥራ የታወቀው ፎቶግራፉ ጥሩ ስለ ሆነ ብቻ ሳይሆን ማን ምን እንደሚፈቅድ፣ የትኛው አውሮፕላን መቼ እንደሚነሣ ከማንም አስቀድሞ ስለሚያውቅ ነው። ደጅ መጥናትንም አይታክትም ነበር።

ጥር 3 ቀን 1956 ዓ.ም. በዛንዚባር ደሴት ሱልጣኑን የገለበጠው አብዮት በፈነዳ ጊዜ ሥፍራው ላይ ደርሶ ፊልም ካነሡት አንዱ እርሱ ነበር። ስሙ ከአገር አገር የተሰማውም ከዚያ ወዲህ ነው። ነገር ግን ያችው ደሴት ከሁለት ዓመት በኋላ አሰረችው። ለአንድ ወር ያህል በእስር ቤት ተሠቃይቶ ሲፈታ ከታንዛኒያ እንዲወጣ ስለ ተደረገ ወደ ተወለደበት ወደ ናይሮቢ ተመለሰ። ለንደን ያለው ቪስኒውስ የተባለው የዜና ፊልም ድርጅትም በናይሮቢ ወኪሉ አደረገው።

ሰኔ 28 ቀን 1961 ዓ.ም. የኬንያው ሚኒስትር ቶም ምቦያ ናይሮቢ ከተማ መካከል ከአንድ መድኃኒት ቤት ሲወጡ በጥይት ተመቱ። ዕድሜያቸው ገና 38 ነበር። መሐመድ ወሬውን እንደ ሰማ እየሮጠ ደረሰ፤ ቁስለኛውን በጫነው አምቡላንስ ውስጥም ገብቶ ሐኪሞቹ ሲታገሉ አነሣ። በዚህ ፊልም ምክንያት እንግሊዝ አገር የዓመቱ ምርጥ የቴሌቪዥን ባለ ካሜራ ተብሎ ተሸለመ። ይህን ሳነብ ደስ አላለኝም። የሚያውቀው ሰው ነፍሱ ስትወጣ ካሜራ መደቀን ምን ዓይነት ልብ ይጠይቃል? ሆኖም የኬንያ ሕዝብ ስለዚያ ቀን ዛሬም በዐይኑ የሚያየው ማስረጃ ያገኘው በዚያ ጭካኔ በሚመስል ሥራ ነው። ይህ ጥያቄ ኮረም ላይ እንደገና ስለሚገጥመን ለጊዜው እንተወው።

ከዚያ በኋላ ባሉት ዐሥራ አምስት ዓመታት ውስጥ ያልደረሰበት የአፍሪካ ጦርነትና ግልበጣ ጥቂት ነው። ኢዲ አሚን በ1964 ዓ.ም. እስያውያንን ከኡጋንዳ ሲያባርሩ አነሣ። ኢዲ አሚን ከሥልጣን ወርደው ሳዑዲ ዓረቢያ በተሸሸጉ ጊዜም ከቢቢሲ ጋዜጠኛ ጋር ሄዶ አገኛቸው። ሁለቱ አሚኖች የስም እንጂ የሥጋ ዝምድና የላቸውም። እስላም በመሆኑም ለሌሎች የውጭ ካሜራዎች ዝግ የሆነችውን መካን ገብቶ የሐጅን ሥርዐት አንሥቶ በመጽሐፍ አሳትሟል።

አሁን ወደ አገራችን እንመለስ። ፊልም በኢትዮጵያ ታሪክ ውስጥ ምን ያህል ጉልበት እንዳለው ከኮረም በፊትም ታይቶ ነበር። የወሎ ረኀብ በጥቅምት 1966 ዓ.ም. በጆናታን ዲምብልቢ አቅራቢነት በእንግሊዝ ቴሌቪዥን ከታየ በኋላ፣ ያው ፊልም ከቤተ መንግሥት ግብዣ ሥዕሎች ጋር ተቀጣጥሎ መስከረም 1 ቀን 1967 ዓ.ም. ማታ በኢትዮጵያ ቴሌቪዥን ቀረበ። በማግሥቱ ንጉሠ ነገሥቱ ከዙፋናቸው ወረዱ። ፊልሙን እንዲህ አድርጎ የተጠቀመበት ደርግ ከዐሥር ዓመት በኋላ ራሱ በዚያው ወጥመድ ውስጥ ገባ። የእርዳታ ማስተባበሪያና ማቋቋሚያ ኮሚሽን በመጋቢት 1976 ዓ.ም. ለለጋሽ አገሮች የድረሱልን ጥሪ አቅርቦ ነበር፤ የሰማው ግን ጥቂት ነው። በመስከረም 1977 ዓ.ም. አዲስ አበባ የአብዮቱን ዐሥረኛ ዓመትና የኢሠፓን መመሥረት ስታከብር፣ በሰሜን በኩል ዝናብ ጠፍቶ፣ በዚያውም ላይ ጦርነቱ መንገዱንና ገበያውን ዘግቶ ሕዝቡ ቀዬውን እየለቀቀ ይወጣ ነበር። ረኀቡን ያባባሰው የሰማዩ ነገር ብቻ አልነበረም፤ ይህን ለማለት በዚያን ጊዜ አፍ አልነበረም።

መሐመድ አሚን በጥቅምት ወር የቢቢሲውን ዘጋቢ ማይክል በርክን ይዞ አዲስ አበባ ገባ። ፈቃድ አግኝተው ነበር የመጡት፤ ከደረሱ በኋላ ግን ወደ ሰሜን መሄድ አይቻልም ተባሉ። ሌላ ሰው ቢሆን ሆቴሉ ተቀምጦ ቅሬታ ጽፎ ይመለስ ነበር። እርሱ ግን ከቢሮ ቢሮ እየዞረ፣ የሚያውቃቸውን ሰዎች ሁሉ እየለመነ ፈቃዱን መልሶ አስገኘ። ወርልድ ቪዥን የተባለው የእርዳታ ድርጅት ትንሽ አውሮፕላንም ወሰደቻቸው። የድምፅ ባለሙያው ዛክ ንጁጉናና የቢቢሲ ሬዲዮ ዘጋቢው ማይክ ዉልድሪጅ አብረው ነበሩ።

ኮረም ከአላማጣ በላይ ከፍ ብሎ የተቀመጠ ደጋ ነው። የደጋን ብርድ ለባሌ ሰው መንገር አያስፈልግም፤ ጎባና ዲንሾ ላይ በጥቅምት ሌሊት ውጭ ማደር ምን ማለት እንደ ሆነ እናውቃለን። በዚያ ሜዳ ላይ 40,000 የሚሆን ሕዝብ ተሰብስቦ ነበር። አብዛኛው መጠለያ የለውም፤ የለበሰው ጋቢና ነጠላ ያለቀ ነው። በየሌሊቱ ብዙ ሰው ይሞት ነበር። ሲነጋ ሬሳው በጨርቅ እየተጠቀለለ ይደረደራል። መሐመድ ካሜራውን የደቀነው በዚህ ሰዓት ነው፤ ጉሙ ሳይገለጥ፣ ፀሐይ ብቅ ልትል ስትል።

ያን ፊልም ለዚህ ጽሑፍ ስል ደጋግሜ አየሁት። እኔን የገረመኝ ዝግታው ነው። ካሜራው አይሮጥም፤ ከሩቅ ጀምሮ ሜዳውን በቀስታ ይጠርጋል፤ ከዚያ አንዲት እናት ላይ ይቆማል፤ ይቆያል። ዐይኑን ለማንሣት የሚቸኩል ተመልካች ጊዜ አያገኝም። በቴሌቪዥን ዜና ላይ ሦስትና አራት ሴኮንድ የሚቆይ ሥዕል በተለመደበት ዘመን ይህን ማድረግ ድፍረት ነው። ቀደም ብዬ የተውሁት ጥያቄም እዚህ ላይ ይመለሳል። ከዚያ በፊት ያየውን ሁሉ ከካሜራው ማዶ ትቶት ይሄድ የነበረው ሰው፣ የኮረሙ ግን ከልቡ እንዳልወጣለት በኋላ ተናግሯል። እኔም አምነዋለሁ፤ ምክንያቱን ወደ ኋላ እነግራችኋለሁ።

ከኮረምና ከመቀሌ የተነሣው ፊልም ጥቅምት 13 ቀን 1977 ዓ.ም. በቢቢሲ ቀረበ። ርዝመቱ ሰባት ደቂቃ ያህል ነበር። በዚያው ዕለት በአሜሪካ ኤንቢሲ ታየ፤ ቀጥሎም ከ400 በላይ የሆኑ የቴሌቪዥን ጣቢያዎች ለየአገራቸው አሳዩት። ቦብ ጌልዶፍ የተባለው አየርላንዳዊ ዘፋኝ ፊልሙን ከቤቱ ተቀምጦ ካየ በኋላ ጓደኞቹን አሰባስቦ ኅዳር 16 ቀን ለረኀቡ መርጃ የሚሆን ዘፈን አስቀረጸ። የአሜሪካ ዘፋኞችም ተከተሉ። ሐምሌ 6 ቀን 1977 ዓ.ም. ለንደንና ፊላደልፊያ ላይ በአንድ ቀን የተደረገው ላይቭ ኤይድ የተባለው ታላቅ የሙዚቃ ትርዒት በብዙ አገሮች ታየ። ከዘፋኞቹ ጥረት ብቻ ከ100 ሚሊዮን የአሜሪካ ዶላር በላይ ተሰበሰበ። መንግሥታትም እህልና አውሮፕላን ላኩ። ይህም ሆኖ በረኀቡ የሞተው ሕዝብ ቁጥር በልዩ ልዩ ግምት ከ400,000 እስከ 1 ሚሊዮን ይደርሳል። እርዳታው ለብዙው ዘግይቶ ነው የደረሰው።

ጓደኛችን ቡና ቤት ውስጥ ያማረረበት ነገርም ከንቱ አይደለም። በፊልሙ ውስጥ የሚታየው የሚሞተው ኢትዮጵያዊና የሚያክመው ነጭ ነው። ሌሊትና ቀን እህል ያወርዱ፣ ሬሳ ያነሡ፣ ሕፃናት ያበሉ የነበሩት የእኛ አገር ነርሶችና የኮሚሽኑ ሠራተኞች ስም አልተጠራም። ጦርነቱም አልተነገረም ማለት ይቻላል፤ አድማጩ ነገሩን ሁሉ የሰማይ ቁጣ አድርጎ ተረዳው። ከዚያም በኋላ ሥዕሉ ከኮረም ተነሥቶ የኢትዮጵያ ሁሉ መልክ ሆነ፤ የአርሲና የባሌ ማሳ፣ የከፋ ቡና ሁሉ በአንዲት የኮረም ማለዳ ተሸፈነ። ነገር ግን በዚህ ተወቃሹ ካሜራው ነው ወይስ ያን አንድ ማለዳ አይቶ ቴሌቪዥኑን ያጠፋው ተመልካች? እኔ ተመልካቹን እወቅሳለሁ። ባለ ካሜራውማ ተመልሶ መጥቷል።

ደርግ በወደቀ ጊዜም አዲስ አበባ ነበር። ኢሕአዴግ ከተማይቱን ከያዘ ከሰባት ቀን በኋላ፣ ግንቦት 27 ቀን 1983 ዓ.ም. ንጋት ላይ፣ በንፋስ ስልክ በኩል የነበረው የጥይትና የቦምብ መጋዘን ፈነዳ። የከተማው ሰው በድንጋጤ ሲሸሽ መሐመድ ከድምፅ ባለሙያው ከጆን ማታይ ጋር ወደ እሳቱ አቅጣጫ ሄደ። ማይክል በርክም አብሯቸው ነበር። ሁለተኛው ታላቅ ፍንዳታ ጆን ማታይን ገደለ፤ የመሐመድንም ግራ እጅ ቀጠፈው። ያን ቀን በአካባቢው ብዙ የአዲስ አበባ ነዋሪዎችም አልቀዋል። ለካሜራ ሰው ግራ እጅ ማለት ክብደቱን የሚሸከመው፣ ሌንሱን የሚያዞረው እጅ ነው። ሁሉም ሥራው አበቃ ብሎ ነበር። እርሱ ግን አሜሪካን አገር ሄዶ በኤሌክትሪክ የሚንቀሳቀስ ሰው ሠራሽ እጅ አስገጠመና በጥቂት ወራት ውስጥ ወደ ሥራው ተመለሰ።

ቀደም ብዬ ቃል የገባሁት ምክንያት ይህ ነው። አንድ እጁን ያጣባትን አገር ቢጠላ ማን ይፈርድበታል? መሐመድ አሚን ግን ከዚያ በኋላ ባሉት ዓመታት የኢትዮጵያን ሌላ መልክ ማንሣት ያዘ። ካሜራፒክስ ሰላምታ የተባለውን የኢትዮጵያ አየር መንገድ መጽሔት ያዘጋጅ ነበር። በፈረንጆች 1995 ዓ.ም. ስለ ኢትዮጵያ ሰፊ የጉብኝት መምሪያ አሳተመ። ከዚያም ከባልደረባው ከዳንከን ዊሌትስ ጋር ሆኖ አገሪቱን በፎቶግራፍ የሚያሳይ ትልቅ መጽሐፍ ማዘጋጀት ጀመረ። ወደ ባሌ ቀይ ቀበሮን ፍለጋ ረጅም ሌንስ ተሸክመው ዲንሾና ሳነቴ የሚመላለሱትን ባለ ካሜራዎች የአገራችን ልጆች ያውቋቸዋል፤ ያን ዓይነቱን ኢትዮጵያ ለውጭ ሰው በማሳየት ረገድ ከቀደሙት አንዱ ይኸው የኮረሙ ሰው መሆኑን ግን የሚያስታውስ ጥቂት ነው።

ሁሉ ነገሩ የተመሰገነ ሰው አልነበረም። ቁጡና አስቸጋሪ አለቃ ነበር ይባላል። አንድ ልጁ ሳሊም አሚን በፈረንጆች 2006 ዓ.ም. ስለ አባቱ በሠራው ፊልም ውስጥ፣ አባቱ ለዓለም ሁሉ ጊዜ ሲኖረው ለቤቱ እንዳልነበረው ሳይሸሽግ ገልጿል። ባለቤቱ ዶሊ ስንት ጊዜ የሞት ወሬ ስትጠብቅ እንዳደረች መገመት አያቅትም።

ያ ወሬ የመጣው ኅዳር 14 ቀን 1989 ዓ.ም. ነው። መሐመድ አዲስ አበባ ጉዳዩን ፈጽሞ፣ ከሥራ ባልደረባው ከጸሐፊው ከብራያን ቴትሊ ጋር ወደ ናይሮቢ ሊመለስ ከቦሌ ተነሣ። የበረራው ቁጥር 961 ነበር። ሦስት ኢትዮጵያውያን ወጣቶች አውሮፕላኑን ጠልፈው ወደ አውስትራሊያ ይሂድ አሉ። ካፕቴን ልዑል አባተ ከዚያ በፊትም ሁለት ጊዜ የተጠለፉ ሰው ነበሩ፤ ነዳጁ እንደማይበቃ ደጋግመው ቢያስረዱም የሚሰማቸው አላገኙም። ነዳጁ አልቆ ሁለቱም ሞተሮች ሲጠፉ ካፕቴኑ አውሮፕላኑን በኮሞሮስ ደሴቶች አጠገብ ባሕር ላይ አሳረፉት። ከ175 ሰዎች 50 ተረፉ፤ 125 ሞቱ። መሐመድና ቴትሊ ከሞቱት መካከል ናቸው። ከተረፉት ሰዎች እንደ ተሰማው፣ በመጨረሻዎቹ ደቂቃዎች መሐመድ ከመቀመጫው ተነሥቶ ከጠላፊዎቹ ጋር ይከራከር ነበር። 53 ዓመቱ ነበር። አውሮፕላኑ በክንፉ ውኃውን ነክቶ ሲሰባበር በባሕሩ ዳር ዕረፍት ላይ የነበረ አንድ ቱሪስት በእጅ ካሜራ አንሥቶታል። ዓለም ሁሉ ያን ሥዕል አየ፤ ያነሣውን ሰው ስም ግን እኔም አላውቀው።

ስለ ኢትዮጵያ ያዘጋጀው ትልቁ የፎቶግራፍ መጽሐፍ የታተመው እርሱ ከሞተ በኋላ፣ በፈረንጆች 1997 ዓ.ም. ነው። ስሙን በወረቀት ጽፌ አጋርፋ ላለችው ለዚያች ጠያቂያችን ልኬላታለሁ። ከውጭ አገር የተመለሰው ጓደኛችን ግን ይህን ጽሑፍ አስቀድሞ አንብቦ አሁንም አልተስማማም፤ በመጪው የአጨዳ ወራት ክርክሩን ከዚያው እንቀጥላለን ብሎኛል።